ሁለት ጥር 13፦ የበረኛው ታሪክ ከደብረ ታቦር ከፍታ ሲታይ

ጋዜጠኛው «ግብ ጠባቂ» የሚለው፣ የሰፈር ልጅ ደግሞ «በረኛ» ብሎ የሚጠራው የእግር ኳስ ተጫዋች ስሙን ያገኘው ኳስ ወደ አገራችን ከመግባቱ ብዙ ዘመን በፊት ከነበረ ሥራ ነው። በረኛ በር ላይ ቆሞ ማን ይግባ ማን ይቅር የሚለውን የሚወስን ሰው ሲሆን፣ በቤተ መንግሥት ሥርዓት ይህ ሥራ ለአጋፋሪና ለእልፍኝ አስከልካይ ተከፍሎ ነበር፤ አጋፋሪ የእንግዳውንና የግብሩን ሥርዓት ይቆጣጠራል፣ እልፍኝ አስከልካይ ደግሞ ስሙ እንደሚናገረው ወደ ጌታው የውስጥ ክፍል የሚገባውን ያግዳል። በራስ ጉግሣ ተቆርቁራ ለየጁ መሳፍንት፣ ኋላም ለዳግማዊ ዓፄ ቴዎድሮስ መቀመጫ የሆነችው ደብረ ታቦር ከእነዚህ የበር ሹማምንት ጋር ረጅም ትውውቅ ያላት ከተማ ናት። የእነርሱ ሥራ አንድ ጠባይ ነበረው፦ በሚገባ ሲሠራ ምንም ነገር አይፈጠርም፤ ምንም ነገር ካልተፈጠረም የሚጻፍ አይኖርም። ዛሬ በከተማይቱ ሜዳዎችና በደቡብ ጎንደር ደጋ ላይ ሁለት የባህር ዛፍ ቋሚ ተክሎ በመካከላቸው የሚቆመው ወጣት የወረሰው ስሙን ብቻ አይደለም፤ ይህንንም ዕጣ ነው።

የዚህ መጣጥፍ ጉዳይ በዝቅተኛ ሊግ የሚጫወት በረኛ የእግር ኳስ ሕይወት ነው። ለዚህ ሕይወት የተሟላ መዝገብ ማግኘት አስቸጋሪ የሚሆነው ስለ ተረሳ ብቻ ሳይሆን የጨዋታው አመዘጋገብ ራሱ በረኛውን በተገላቢጦሽ ስለሚመለከተው ነው። በውጤት መዝገብ ላይ ጎል ያገባው ሰው ስሙና ደቂቃው ይሰፍራሉ፤ ያዳነው ሰው ስም ግን አይሰፍርም። የዓለም ምርጥ ተጫዋች የሚመረጥበትን የወርቅ ኳስ ሽልማት ከበረኞች መካከል ያገኘው የሶቭየት ኅብረቱ ሌቭ ያሺን ብቻ ሲሆን፣ ያገኘውም እ.ኤ.አ. በ1963 ነው። በዚህ ረገድ አፍሪካ ከአውሮፓ ይልቅ ለጋስ ነበረች ማለት ይቻላል፤ የካሜሩኑ ቶማስ ንኮኖ እ.ኤ.አ. በ1979 እና በ1982፣ የሞሮኮው ባዱ ዛኪ ደግሞ በ1986 የአፍሪካ ኮከብ ተጫዋች ተብለዋል።

ሕጉ ራሱ በረኛን ያወቀው ዘግይቶ ነው። የእግር ኳስ ሕግ በእንግሊዝ አገር በ1856 ዓ.ም. መጀመሪያ ሲጻፍ ስለ በረኛ የተለየ አንቀጽ አልነበረውም፤ ኳስን በእጁ መያዝ የሚፈቀድለት አንድ ተጫዋች በሕግ የታወቀው በ1863 ዓ.ም. ነው። እስከ 1904 ዓ.ም. ድረስም በረኛው ኳሱን በእጁ የሚነካው ዛሬ እንደምናውቀው በቅጣት ክልሉ ውስጥ ብቻ ሳይሆን በራሱ የሜዳ አጋማሽ በሙሉ ነበር። በ1984 ዓ.ም. የቡድን ጓደኛው አስቦ በእግሩ የሰጠውን ኳስ በእጁ እንዳይዝ ተከለከለ፤ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ኳሱን ከስምንት ሰከንድ በላይ በእጁ ካቆየ ተጋጣሚው የማዕዘን ምት እንዲያገኝ ተወሰነ። የሕጉ ታሪክ በአጭሩ የበረኛው ግዛት እየጠበበ፣ ኃላፊነቱ ግን እየሰፋ የሄደበት ታሪክ ነው።

ከእነዚህ ለውጦች ሁሉ በረኛውን እጅግ ብቸኛ ያደረገውን ያመጣው ራሱ በረኛ መሆኑ ልብ ሊባል የሚገባው ነው። ፍጹም ቅጣት ምት፣ ማለትም ከ11 ሜትር ርቀት በበረኛውና በመቺው መካከል ማንም ሳይገባ የሚመታው ኳስ፣ በአየርላንድ አርማ አውራጃ ሚልፎርድ በምትባል ትንሽ መንደር ቡድን ውስጥ በር ይጠብቅ በነበረው በዊልያም መክረም ሐሳብ የተጀመረ ነው። የእርሱ ቡድን በመጀመሪያው የአየርላንድ ሊግ ባደረጋቸው 14 ጨዋታዎች 14ቱንም ተሸንፎ 62 ጎል ገብቶበታል። ይህ ሰው በየሳምንቱ ከበሩ ፊት ተከላካዮች አጥቂን ጠልፈው ሲጥሉና ሆን ብለው ኳስን በእጅ ሲያስቀሩ ያይ ነበር፤ ይህን ነውር የሚያስቆም ቅጣት እንዲኖር ያቀረበው ሐሳብ መጀመሪያ ቢነቀፍም በ1883 ዓ.ም. ሕግ ሆነ። ከሽንፈት በቀር ምንም ያላተረፈ የመንደር በረኛ ለራሱ ወገን ከባዱን ፈተና በፍትሕ ስም ማምጣቱ፣ በዝቅተኛ ሊግ የሚጫወቱ ሰዎች ለጨዋታው ምን ያህል እንደ ሰጡ ከሚያሳዩ ምስክሮች ዋነኛው ነው።

ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ፣ የእግር ኳስ የመጀመሪያ ዘመን በአዲስ አበባ የኖሩ የውጭ ማኅበረሰቦችና የአገሩ ወጣቶች የተፎካከሩበት ነበር። ቅዱስ ጊዮርጊስ በ1928 ዓ.ም. ተመሠረተ፤ ከፋሺስት ወረራ በኋላ በ1936 ዓ.ም. በተደረገው የመጀመሪያ ሻምፒዮና አምስት ቡድኖች ሲሳተፉ ከቅዱስ ጊዮርጊስ በቀር የነበሩት የጣልያኖቹ ፎርቲቱዶ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስና የእንግሊዝ ወታደራዊ ልዑክ ቡድን ነበሩ። የእንግሊዝ በረኛ የሚባለውን ሰው የአዲስ አበባ ተመልካች ያየው እንግዲህ በሬዲዮም በቴሌቪዥንም ሳይሆን በሥጋ፣ በሜዳው ላይ፣ ከወታደሮቹ መካከል ነው። የጣልያንኛው «ፖርቲየሬ» የሚለው ቃልም በቀጥታ ሲተረጎም በረኛ ማለት መሆኑ፣ ቃሉ ከቤተ መንግሥት ደጃፍ ወደ ኳስ ሜዳ የተሻገረበትን መንገድ ለሚመረምር ሰው አንድ ፍንጭ ይሰጣል።

የኢትዮጵያ በረኛ በታሪክ መዝገብ ላይ ከፍ ብሎ የታየበት ቀን ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ነው። ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስታዲየም ሲደረግ ኢትዮጵያ፣ ግብፅን የወከለችው የተባበረችው ዓረብ ሪፐብሊክ፣ ቱኒዚያና ኡጋንዳ ተካፈሉ። ኢትዮጵያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸንፋ ለፍጻሜ ስትደርስ ያገኘችው ከአምስት ዓመት በፊት፣ በ1949 ዓ.ም.፣ በካርቱም በመጀመሪያው ዋንጫ ፍጻሜ 4 ለ 0 የረታቻትን ግብፅን ነው፤ ያኔ አራቱንም ጎል ያገባው አድ ዲባ የተባለው አጥቂ ነበር። በ1954ቱ ፍጻሜ በአሰልጣኙ በአቶ ይድነቃቸው ተሰማ የሚመራውን ቡድን በር የጠበቀው ጊላሚካኤል ተክለማርያም ነው።

ያ ጨዋታ በአጥቂዎቹ ስም ይታወሳል፤ ይህም ተገቢ ነው። ግርማ ተክሌ፣ አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ፣ ወንድሙ ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ ያገቧቸው አራት ጎሎች ለአገሪቱ እስከ ዛሬ ብቸኛ የሆነውን የአፍሪካ ዋንጫ አስገኝተዋል፤ ዋንጫውንም ንጉሠ ነገሥቱ ለሉቺያኖ አስረክበዋል። ይሁን እንጂ ጨዋታውን ከበሩ ቆሞ ለሚያየው ሰው ቅደም ተከተሉ ሌላ ታሪክ ይናገራል። በ35ኛው ደቂቃ ባዳዊ አብደልፈታህ አገባበት፤ ከዚያ በኋላ አርባ ደቂቃ ያህል ጊላሚካኤል ሁለተኛ ጎል ከገባ ሁሉም ነገር እንደሚያበቃ እያወቀ ቆመ። በ74ኛው ደቂቃ ግርማ ተክሌ አቻ ሲያደርግ ስታዲየሙ ፈነደቀ፤ በ75ኛው ደቂቃ ያው ባዳዊ እንደገና አገባ። ለአንድ በረኛ ከዚህ የከፋ ደቂቃ ማሰብ ይከብዳል፤ ቡድኑ ሰባ አራት ደቂቃ የለፋበትን ነገር እርሱ ባለበት በር ውስጥ ተመልሶ ሲወጣ አይቷልና። ሉቺያኖ በ84ኛው ደቂቃ ጨዋታውን ወደ ተጨማሪ ሰዓት ወሰደው፤ ኢታሎ በ101ኛው፣ መንግሥቱ በ117ኛው ጨረሱት። ከ75ኛው ደቂቃ በኋላ ግን ለአርባ አምስት ደቂቃ በኢትዮጵያ በር ምንም አልገባም። ያ «ምንም» በመዝገቡ ላይ አንድ መስመር እንኳ አላገኘም፤ ዋንጫውን ያቆየው ግን እርሱ ጭምር ነው።

በረኛ ከሜዳ ተጫዋቾች ሁሉ ይልቅ ከአየሩ ጋር የሚሟገት በመሆኑ፣ የደጋው በረኛ ነገር ለብቻው ሊታይ ይገባል። ደብረ ታቦር ከባሕር ወለል በላይ 2,700 ሜትር ገደማ ላይ ትገኛለች፤ ከበስተ ጀርባዋ ያለው የጉና ተራራ ደግሞ ከ4,000 ሜትር ያልፋል። በዚህ ከፍታ አየሩ በባሕር ወለል ካለው ጋር ሲነጻጸር ከአራት አንድ እጅ ያህል ስስ ነው። የተመታን ኳስ በጉዞው ላይ የሚያዘገየው አየሩ ስለሆነ፣ በስስ አየር ኳሱ ፍጥነቱን ይዞ ይቆያል፤ እየተሽከረከረ የሚሄድ ኳስን የሚያጥፈውም ይኸው አየር በመሆኑ ኳሱ በቆላ እንደሚታጠፈው አይታጠፍም። ከ11 ሜትር በተመታ ኳስ ላይ ልዩነቱ ኢምንት ነው፤ በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር የሚበር ፍጹም ቅጣት ምት የትም ቦታ ቢሆን መስመሩ ላይ የሚደርሰው ከግማሽ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ነው። ከ25 እና ከ30 ሜትር በሚመታ ኳስ፣ ከክንፍ ተሻግሮ በሚመጣና በበረኛው በራሱ የግብ ምት ላይ ግን ልዩነቱ በዓይን ይታያል። ከቆላ የመጣ በረኛ የተሻገረው ኳስ እዚህ ጋ ይወርዳል ብሎ ሲወጣ ኳሱ ከራሱ በላይ አልፎ ይሄዳል።

ይህ ነገር በተገላቢጦሹም ይሠራል፤ ለደብረ ታቦር ልጅ ቁም ነገሩ እዚህ ላይ ነው። በስስ አየር ያደገ በረኛ ከጉና ሥር ተነሥቶ በወረታ በኩል የፎገራን ሜዳ አቋርጦ ባሕር ዳር ሲደርስ፣ በ100 ኪሎ ሜትር ገደማ መንገድ ውስጥ 900 ሜትር ያህል ወርዷል። የባሕር ዳር አየር ከደብረ ታቦሩ በአንድ አሥረኛ ያህል የወፈረ ነው፤ ደጋ ላይ በቀጥታ ይመጣ የነበረው ኳስ እዚያ ይታጠፋል፣ ይዘገያል፣ ሳይጠበቅ ይወርዳል። ይህን ልዩነት የሚያስተምር መጽሐፍም ሆነ የበረኛ አሰልጣኝ በአብዛኛው የወረዳ ሜዳ ላይ የለም፤ ልጁ የሚማረው በየጨዋታው በሚቆጠርበት ጎል ነው። በረኛነትን የሚጀምረውም እምብዛም በምርጫው አይደለም። በጨርቅ ኳስ ጨዋታ በር ላይ የሚቆመው ታናሹ፣ ወይም ተራው የደረሰው፣ ወይም በእግሩ የማይታመነው ነው፤ ክረምት ሲገባ በሁለቱ ቋሚዎች መካከል ያለው መሬት ከሜዳው ሁሉ ቀድሞ ጭቃ ይሆናል፣ ምክንያቱም ከሜዳው ሁሉ ብዙ የተረገጠው እርሱ ነው።

ከዚያ ሜዳ ወደ ላይ የሚወስደው መንገድ ደረጃ ያለው ነው። በኢትዮጵያ ከፕሪሚየር ሊጉ ሥር ከፍተኛ ሊግ፣ ከእርሱም ሥር አንደኛ ሊግ የሚባሉ ውድድሮች አሉ፤ በእነርሱ ውስጥ ከሚጫወቱት ክለቦች ብዙዎቹ የከተማ ቡድኖች ሲሆኑ «ከነማ» የሚለው ስማቸው የከተማ ነዋሪዎች ማኅበር የሚለውን የሚያሳጥር ነው። አንድ ቡድን አሥር የሜዳ ተጫዋች ሲያሰልፍ በረኛ ግን አንድ ብቻ ያሰልፋል። አጥቂ በክንፍም በመሐልም ተፈትኖ ቦታ ሊያገኝ ይችላል፤ በ80ኛው ደቂቃ ተቀይሮ ገብቶም ስሙን ሊያስጠራ ይችላል። ሁለተኛው በረኛ ግን የመጀመሪያው እስኪጎዳ ወይም ቀይ ካርድ እስኪያይ ድረስ ተጠባባቂ ወንበር ላይ ይቀመጣል፤ እንዲህም ሆኖ ዓመት ያልፋል፣ ሁለት ዓመት ያልፋል።

ይህን ጠባብ በር ያጠበበው ሌላ ነገር በቅርብ ዓመታት የፕሪሚየር ሊግ ክለቦች የውጭ አገር በረኞችን ማስመጣታቸው ነው። ኡጋንዳዊው ሮበርት ኦዶንግካራ ለዓመታት የቅዱስ ጊዮርጊስን በር ጠብቋል፤ በ2013 ዓ.ም. የውድድር ዘመን የጎንደሩ ፋሲል ከነማ የመጀመሪያውን የፕሪሚየር ሊግ ዋንጫ ሲያነሣም በሩ ላይ የነበረው ማሊያዊው ሚኬል ሳማኬ ነው። ሁለቱም ብርቱ በረኞች ናቸው፤ ለክለቦቻቸው የሰጡትም አገልግሎት ምስጋና የሚገባው ነው። የጎንደር ሰው በዚያ ዋንጫ የተደሰተው ደስታም እውነተኛ ነበር። ነገር ግን ከፋሲለደስ ስታዲየም የግማሽ ቀን መንገድ በማይሞላ ርቀት ላይ በር የሚጠብቅ የደቡብ ጎንደር ወጣት ከዚያ ቦታ ጋር የሚያገናኘው መሰላል የት እንደ ሆነ መጠየቅ የክለቦቹም የፌዴሬሽኑም ግዴታ ነው።

በዚህ ቦታ የእንግሊዝን ዝቅተኛ ሊግ መመልከት ይጠቅማል፤ የዚያ አገር አራት የላይኛ ዲቪዚዮኖች 92 ክለቦች ስላሏቸው ቢያንስ 92 ሰዎች በየሳምንቱ በር ላይ ይቆማሉ፣ ከእነርሱም የብዙዎቹ ሕይወት ከክለብ ወደ ክለብ በውሰት መዞር ነው። ውሰት ማለት ተጫዋቹ የአንዱ ክለብ ንብረት ሆኖ ሳለ ለሌላው ለጊዜው መጫወቱ ነው። ጂሚ ግላስ የተባለው በረኛ ከእነዚህ አንዱ ነበር። በክሪስታል ፓላስ አድጎ፣ በቦርንመዝ ተጫውቶ፣ በስዊንደን ታውን ተጠባባቂ ሆኖ ሳለ፣ በ1991 ዓ.ም. የውድድር ዘመን መጨረሻ በስኮትላንድ ድንበር አጠገብ ያለችው የካርላይል ከተማ ክለብ በረኛ አጥቶ ስለ ተቸገረ የዝውውር ጊዜ ካለፈ በኋላ በልዩ ፈቃድ በውሰት ወሰደው። የተጫወተላቸው ሦስት ጨዋታ ብቻ ነው።

ሦስተኛው ሚያዝያ 30 ቀን 1991 ዓ.ም. ከፕሊመዝ ጋር የተደረገው የዘመኑ የመጨረሻ ጨዋታ ነበር። ካርላይል ካላሸነፈ ከ1928 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከኖረበት ሊግ ይወርዳል፤ ውጤቱ 1 ለ 1 ሆኖ ዘጠና ደቂቃው አለቀ፣ የተጨመረውም አራት ደቂቃ ሊያልቅ ሰከንዶች ቀሩ። የማዕዘን ምት ሲገኝ ግላስ በሩን ባዶ ትቶ ሜዳውን አቋርጦ ሮጠ፤ አንድ የቡድኑ ተጫዋች በግንባሩ የገጨውን ኳስ የፕሊመዙ በረኛ ሲመልሰው ግላስ በቀኝ እግሩ መረብ ላይ አሳረፈው። በዚያችው ቅጽበት የራሱን ጨዋታ ቀድሞ ጨርሶ ተርፌያለሁ ብሎ ይደሰት የነበረው የስካርብራ ክለብ ወረደ። ግላስ ከዚህ በኋላ ረጅም የእግር ኳስ ዘመን አላገኘም፤ በ27 ዓመቱ ከሙያው ወጥቶ የታክሲ ሹፌር ሆነ። ከዚህ ታሪክ ልብ የሚነካው ነገር ጎሉ ብቻ አይደለም፤ ለዓመታት በእጁ ያዳናቸው ኳሶች ያላስገኙለትን ስም በእግሩ የመታው አንድ ኳስ አስገኘለት። በረኛው የታወሰው የአጥቂን ሥራ በሠራባት ቅጽበት ነው።

ወደ አገር ቤት ስንመለስ፣ የኢትዮጵያ በረኞች ሁለተኛ ታላቅ ቀን ከ1954ቱ ፍጻሜ በትክክል ሃምሳ አንድ ዓመት በኋላ፣ ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም.፣ በደቡብ አፍሪካ ምቦምቤላ ስታዲየም ደረሰ። ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ የተመለሰው፣ በአሰልጣኝ ሰውነት ቢሻው የሚመራው ብሔራዊ ቡድን የወቅቱን ሻምፒዮን ዛምቢያን ገጠመ። የዚያ ቀን ጨዋታ የበረኞች ጨዋታ ነበር ማለት ይቻላል። ሳላዲን ሰይድ የመታውን ፍጹም ቅጣት ምት የዛምቢያው ኬኔዲ ምዌኔ አዳነ፤ ብዙም ሳይቆይ የኢትዮጵያው ጀማል ጣሰው ኳስ ለማስቀረት ከበሩ ወጥቶ ከአጥቂ ጋር በኃይል በመጋጨቱ ቀይ ካርድ አየ። ሌላ በረኛ ከተጠባባቂ ወንበር ተነሥቶ ገባ፤ ከእረፍት በፊት ኮሊንስ ምቤሱማ አገባበት፤ ሆኖም በአሥር ሰው የቀረው ቡድን በአዳነ ግርማ ጎል 1 ለ 1 ወጣ። ተቀይሮ በገባው በረኛ ላይ በሁለተኛው አጋማሽ አንድም ጎል አልገባም፤ በጋዜጦች ላይ ግን በዋናነት የታየው የጀማል ቀይ ካርድና የአዳነ ጎል ነው።

ከአራት ቀን በኋላ ቡርኪና ፋሶ 4 ለ 0 አሸነፈች። እዚህም ሌላ በረኛ ነበረ፦ የቡርኪናው አብዱላዬ ሱላማ ከቅጣት ክልሉ ውጪ ኳስ በእጁ በመንካቱ ተባረረ፣ ቡድኑ ግን በአሥር ሰው ሦስት ጎል ጨመረ። 

የመጨረሻው ጨዋታ ጥር 21 ቀን፣ አገር ቤት አስተርእዮ ማርያም በሚከበርበት ዕለት፣ በሩስተንበርግ ከናይጄሪያ ጋር ተደረገ። እስከ 80ኛው ደቂቃ ድረስ ጎል አልነበረም፤ የኢትዮጵያው በረኛ ሲሳይ ባንጫ በሩን ጠብቆ ቆይቷል። በ80ኛው ደቂቃ ቪክቶር ሞሰስ በፍጹም ቅጣት ምት አገባ። በ90ኛው ደቂቃ አቅራቢያ ያው ሞሰስ ኳስ ይዞ ሲገባ ሲሳይ ጥፋት ሠራ፤ ሁለተኛ ቢጫ ካርድ አይቶም ወጣ። ኢትዮጵያ ሦስቱንም ቅያሪ ተጠቅማ ጨርሳ ስለ ነበር ሌላ በረኛ ሊገባ አልቻለም። በረኛ ያልሆነው አማካዩ አዲስ ህንጻ ወደ መስመሩ ሄዶ ቆመ፤ በአህጉሪቱ ትልቁ ውድድር ላይ በጨርቅ ኳስ ሜዳ የሚሆነው ሆነ፣ ከልጆቹ አንዱ ተራው ደርሶ በር ላይ ቆመ። ሞሰስ ከ11 ሜትር መታ፤ ኳሱ ገባ። መዝገቡ 2 ለ 0 ይላል፤ በበረኛው ስም ቦታ ግን ሁለት ስም አለ።